እሜቴ ባቡር ስትጠብቅ

እርግቧ ከፈረንሳይ ተነሥታ፣ ባሕር አቋርጣ፣ የእንግሊዝን እኩሌታ በርራ ኒው ሆላንድ መንደር ሆረስ ቲከር ጓሮ ስታርፍ ቀኑ ገና ሰባት ሰዓት አልሞላም ነበር። ሆረስ ግን ከዚያው ጓሮ ተነሥቶ ፊት ለፊቱ የሚታየውን ወንዝ በጊዜ መሻገር አቃተው። ነገሩ ይኸው ነው። የቀረው ሁሉ ንዴት ነው።

ሆረስ ተወልዶ ያደገው ወንዙ ማዶ፣ ሀል ከተማ ነው። ዊኒን ሲያገባ እሷ ከእናቴ አልለይም ስላለች የሀምበርን ወንዝ ተሻግሮ በደቡቡ ዳርቻ ጎጆ ወጣ። የእርግብ ክለቡን ግን አልለወጠም። በዚህኛው ዳርቻ ሌላ ክለብ ሞልቶ ነበር፤ ጎረቤቶቹም መክረውት ነበር። እሱ ግን ሰው ለሚስት ብሎ አገሩን ይለቃል እንጂ ክለቡን አይለቅም ባይ ነው። እንዲህ እያለ ወደ ሠላሳ ዓመት እርግብ ሲያረባ አንድም ቀን አንደኛ ወጥቶ አያውቅም። አንደኛ የሚወጣው ሁሌ ስታን ሞውዲ ነው። ስታን በዓሣ ወደቡ በርሜል ሲያንከባልል ያረጀ፣ ለክፉ የማይሰጥ ሰው ነው። ዋንጫው ቤቱ ከመልመዱ የተነሣ ሚስቱ የሹራብ መርፌዎቿን ትሰካበታለች። ይህን መርፌ ሆረስ አንድ ቀን በዓይኑ አይቶ እህል አልበላ ብሎት ነበር።

በዚያ አገር የእርግብ እሽቅድድም ቀልድ አይደለም። ወፎቹ ወደሚለቀቁበት ሩቅ አገር ከመላካቸው በፊት ክለቡ በእያንዳንዷ እግር ላይ ቁጥር ያለበት የላስቲክ ቀለበት ያጠልቃል። እርግቧ ቤቷ ስትገባ ባለቤቷ ቀለበቱን አውልቆ፣ ታሽጎ በተሰጠው የሰዓት ሣጥን ውስጥ ይከትና እጀታውን ይጫናል፤ ሣጥኑ የገባችበትን ደቂቃ ወረቀት ላይ ይመታል። ከፍቶ የሚያየው ክለቡ ብቻ ነው። ያውም ባለቤቱ ራሱ ሣጥኑን ይዞ እስከ አሥራ ሁለት ሰዓት ምሽት ክለቡ ከደረሰ ነው። ካለፈ፣ እርግቧ ከመላእክት ጋር ብትመጣም አልመጣችም።

ያን ቅዳሜ ዶሊ የምትባለው አመድማ እርግብ ሰማይ ላይ እንኳ ሳትዞር ቀጥ ብላ ገባች። ሆረስ ቀለበቱን አውልቆ ከተተ፣ እጀታውን ተጫነ፣ ከዚያ ወደ ስልክ ቤቱ ሮጠ። መጀመሪያ የደወለው ስታን ቤት ነው። እርግበኛ ለእርግበኛ እውነት አይነግርም፤ ግን ያነሣችው ሚስቱ ነበረች፤ ተንኮል የሌለባት ሴት፣ ስታን አሁንም ጓሮ ቆሞ ሰማይ ሰማይ እያየ ነው፣ ምሳውም ቀዘቀዘ አለችው። የስታን ቤት ከሱ ቤት የጥቂት ደቂቃ በረራ ነው። ሆረስ ስልኩን ዘግቶ ለብቻው ሳቀ። ቀጥሎ ግሪምስቢ ከተማ እህቷ ዘንድ ወደ ከረመችው ዊኒ ደወለ። ዊኒ እርግብ ይገማል ትላለች፤ በትዳር ዘመኗ ሁሉ ክለቡን ረግጣ አታውቅም። ያን ቀን ግን ምን እንደነካት፣ የስምንት ሰዓት ተኩሉን መርከብ በሚያገናኘው ባቡር እመጣለሁ፣ ዋንጫውን ስትቀበል ልይህ አለችው። ሆረስ እንባው መጣ።

መርከቧ የወረቀት ስሟ የሊንዚ እመቤት ነው። የወንዙ ሰው ግን እሜቴ ይላታል፤ ከአክብሮት አይደለም። ባለቤቷ ምድር ባቡሩ ነው። በአያቶቻቸው ዘመን ሐዲዱ ወንዙ ዳር ድረስ መጥቶ፣ ድልድይ መሥራት ሲከብደው፣ ቀሪውን መንገድ በጀልባ አደርገዋለሁ ብሎ እዚያው ቀረ። ከዚያ ወዲህ መርከቧ በባቡር መርሐ ግብር ውስጥ እንደ አንድ ባቡር ተጽፋ ትኖራለች። ትኬቷ የባቡር ትኬት ነው፣ የመርከበኛው ቁልፍ የባቡር ቁልፍ ነው፣ ካፒቴኑ ትእዛዝ የሚቀበለው ከጣቢያ ሹሙ ነው። እሜቴ ከጦርነቱ በፊት ተሠርታ፣ በጦርነቱ ወታደር አመላልሳ፣ ከጦርነቱ በኋላ በግና ሹም፣ መኪናና ሙሽራ ስታሻግር አርጅታለች። በሁለት ጎኗ እንደ ወፍጮ የሚያጓሩ መቅዘፊያ መንኮራኩሮች አሏት፤ ሆዷ ውስጥ የድንጋይ ከሰል ይነዳል። ሌላው ዓለም ጨረቃ ረግጦ ሲመለስ እሷ አሁንም ከሰል ታስላለች። አሁን ደግሞ ከወንዙ በላይ በኩል የድልድዩ ምሰሶ እየቆመ ነው፤ እሱ ሲያልቅ እሷ ማለቋ ነው። ለዚህ ብለው የሚያለቅሱ አሉ። ሆረስ ከነሱ ወገን አይደለም።

ሣጥኑን በሹራብ ጠቅልሎ፣ ከእንጨቱ ወደብ ጫፍ ላይ ሲደርስ ስምንት ሰዓት ተኩል አልሆነም። ውሃው እየሸሸ ነበር። ሀምበር ሲጎድል ቀልድ አያውቅም፤ መሐሉ ላይ አሸዋ ያበቅላል፣ አሸዋውም ዛሬ ካለበት ነገ አይገኝም። በሰዓቷ ከተነሣች ታልፋለች። ሩብ ሰዓት ከዘገየች አበቃ። ይህን ሆረስም ያውቃል፣ መርከበኛውም ያውቃል፣ በመርከቧ መጠጥ ቤት ውስጥ የተቀመጡት ሰዎችም ያውቃሉ። እነሱማ ይህንኑ ተስፋ አድርገው ነው የገቡት። በየብስ ያሉት መጠጥ ቤቶች ከሰዓት በኋላ በሕግ ይዘጋሉ፤ እሜቴ ላይ ግን ውሃ ላይ እስካለች ድረስ ቢራው አይቋረጥም።

ስምንት ተኩል አለፈ። ደወል የለም፣ ገመድ የሚፈታ የለም። ሆረስ መሰላሉን ወጥቶ ካፒቴኑ ዘንድ ሄደ። ካፒቴኑ ሌን ሃርከር የዊኒ ታናሽ ወንድም ነው።

«ሌን፣ ውሃው እየሸሸ ነው።»

«ዓይን አለኝ።»

«ታዲያ ምን ትጠብቃለህ?»

«ባቡሩን።»

«ባቡሩ እኮ ዘግይቷል።»

«ባይዘገይማ አልጠብቀውም ነበር።»

ሆረስ ጥርሱን ነክሶ፣ ለአንድ ለዘገየ ባቡር ተብሎ ይህ ሁሉ ሰው አሸዋ ላይ ሊተከል ነው ወይ ብሎ ጠየቀ። ሌን የሩቅ ማያ መነጽሩን አወረደ።

«አማቼ፣ ባቡር ሳልጠብቅ እንዳልነሣ ያደረገኝ ማን ነው? ያን ሁሉ ፊርማ የሰበሰበው እኔ ነኝ?»

እውነቱን ነው። ከዓመታት በፊት፣ ሆረስ ግሪምስቢ ይሠራ በነበረ ጊዜ፣ ሀል ውስጥ የራግቢ ግጥሚያ ሊያይ በባቡር ሲመጣ ሌን ውሃው ጎደለብኝ ብሎ ባቡሩ ወደቡ ላይ እየገባ ሳለ መርከቧን አንቀሳቀሰ። ሆረስ የመንኮራኩሯን አረፋ እያየ ቀረ። የሀል ቡድን ያን ቀን አሸነፈ፤ ሆረስ አላየም። ታዲያ በንዴት ቤት ለቤት ዞሮ፣ ቄሱን ሳይቀር አስፈርሞ ለምድር ባቡሩ ላከ። ሌን ተወቀሰ፣ ከደመወዙም ተቆረጠ። መርከቧም የባቡሩን ተሳፋሪ ሳትይዝ ከኒው ሆላንድ እንዳትነሣ ትእዛዝ ወጣ። ሆረስ ያን ጊዜ ለመንደሩ ሁሉ ቢራ ጋብዞ ነበር።

«እኔ ሰው አይቅር አልኩ እንጂ ውሃው ይቅር አላልኩም» አለ አሁን።

«ለጣቢያ ሹሙ ንገረው» አለ ሌን። ከዚያ አንድ ነገር ትዝ አለውና ዞረ። «ዊኒ ግሪምስቢ አይደለችም እንዴ? በዚህ ባቡር ናት?»

ሆረስ ሣጥኑን አየ፣ ውሃውን አየ። ዳር ያሉት የወደቡ እንጨቶች አረንጓዴ እግራቸው መታየት ጀምሯል።

«በሚቀጥለው ብትመጣ አትሞትም» አለ። «ልቀቃት፣ ሌን። ስለ ፈጠረህ፣ ዛሬን ብቻ።»

ሌን ትክ ብሎ አየውና ፊቱን ወደ ሐዲዱ መለሰ። ዛሬን ብቻ የሚለውን ቃል ከሰው ሁሉ ሰምቶታል፤ ደመወዙን የተቆረጠው ግን እሱ ብቻ ነው።

ባቡሩ መጣ፤ የወረዱት ሦስት ሰዎች ናቸው። አንድ ወታደር፣ አንድ ብስክሌት የያዘ ቄስ፣ ዊኒ። ለእህቷ ልጅ ሠርግ የገዛችውን ሰማያዊ ባርኔጣ ደፍታለች፤ ጫማዋ አዲስ ስለሆነ እንደ ሙሽራ ቀስ እያለች ነው የምትራመደው። ሆረስ ከላይ ሆኖ ቶሎ በይ እያለ በእጁ ሲያራግብ ሰላምታ መስሏት እሷም አራገበችለት።

እሜቴ ከሰዓቷ አልፋ ተነሣች። ሀል ቅርብ ሆነች፤ ማዶ ወደቡ ላይ የተሰቀለው የሰናፍጭ ማስታወቂያ ይነበባል፣ አግዳሚው ላይ ተቀምጦ የተጠበሰ ድንች የሚበላው ሰው የሸሚዙ ቀለም ይለያል። እዚህ ጋ ሲደርሱ እሜቴ ረጅም ትንፋሽ ተነፈሰችና ቆመች። መንኮራኩሮቹ ውሃውን ትተው ጭቃ ይጠፈጥፉ ጀመር። ከመጠጥ ቤቱ ጭብጨባ ተሰማ።

ሆረስ ራሱን ይዞ ተቀመጠ። ዊኒ ትከሻውን ነካ አድርጋ ገና ጊዜ አለህ አለችው። እሷ የምታውቀው ሰዓቱን እንጂ ውሃውን አይደለም። ውሃው ገና ይጎድላል፤ ጎድሎ ጨርሶ፣ ዞሮ እስኪሞላ አሥራ ሁለት ሰዓት ማለፉ ነው።

ሌን ተሳፋሪውን ሁሉ ሰበሰበ። እሜቴ አሸዋ ላይ ስትቀመጥ የሚደረግ ነገር አለ። ፊሽካ ሲነፋ ሰው ሁሉ ወደ ቀኝ ጎን ይሮጣል፣ ሲደገም ወደ ግራ፤ መርከቧ ስትወዛወዝ አሸዋው አንዳንዴ ይለቃታል። ፊሽካው ተነፋ፤ ሰው ብርጭቆውን እንደያዘ ሮጠ፣ ቄሱም ሮጡ። ሆረስ ግን ተገትሮ ቀረ። የእርግብ ሰዓት ከተንገጫገጨ ይስታል፤ የሳተ ሰዓት ደግሞ ይሰረዛል። ቢሮጥ ሰዓቱ ይበላሻል፣ ባይሮጥ መርከቧ አትነሣም። ሆረስ ደግሞ ወፍራም ሰው ነው፤ ክብደቱ ያስፈልጋል። አንዱ ሰካራም «ያ ሣጥን የያዘው ጎተራ ይንቀሳቀስልን!» ብሎ ሲጮህ ሰው ሁሉ ሳቀ። በመጨረሻ ሣጥኑን እንደ አራስ ልጅ ሁለት እጁ ላይ ዘርግቶ፣ ጉልበቱን አጥፎ፣ እንቁላል እንደሚረግጥ ሰው ከጎን ወደ ጎን ያዘግም ጀመር። ዊኒ ግን በዚያ ጫማዋ ትሮጣለች። ስለ እሱ ብላ ነው የምትሮጠው። አንዱ ምልልስ ላይ ነፋስ ባርኔጣዋን ወስዶ አሸዋው ላይ አስቀመጠው፤ ከመርከቧ ሃያ እርምጃ በማይሞላ ቦታ፣ ማንም ሊያነሣው በማይችልበት። መርከቧ ንቅንቅ አላለችም።

ሆረስ ጀልባ አውርድልኝ ብሎ ሌንን ለመነው። ሌን ጀልባ የሚወርደው ለታመመ ሰው ነው አለ። ሆረስ እኔ ታምሜያለሁ አለ።

«መታመምህን አያለሁ» አለ ሌን። «ግን ለሰዓት ጀልባ አላወርድም። ጡረታዬ ሲደርስ በአንተ የተነሣ ሁለተኛ አልቀጣም።» ከዚያ እህቱን አየ፤ ሊተወው ይችል ነበር፣ አልተወውም። «እሱን ብሰማው ኖሮኮ አሁን ዋንጫውን አቅፎ ነበር። ልቀቃት ነው ያለኝ፣ ዊኒ። አንቺ ባቡሩ ውስጥ መሆንሽን እያወቀ።»

ዊኒ ወደ ባሏ ዞረች።

«እውነት ነው?»

«ውሃው እየሸሸ ነበር» አለ ሆረስ።

ዊኒ ሄዳ አግዳሚው ጫፍ ላይ ተቀመጠችና ጫማዋን አውልቃ ተረከዟን ማሸት ጀመረች። ሆረስ ሊጠጋት ፈለገ፣ ፈራ። ቢናደድ ይሻለው ነበር፤ ግን በማን ይናደዳል? በሌን እንዳይናደድ ትእዛዙ የራሱ ፊርማ ነው። በባቡሩ እንዳይናደድ ሚስቱን ነው ያመጣለት። እርግቧማ ምን ታድርግ፣ የሷን ድርሻ ጨርሳለች። ንዴቱ መውጫ አጣ። ሣጥኑ ጭኑ ላይ ቀጭ ቀጭ ይላል። ከሀል የቤተ ክርስቲያን ደወል አሥራ ሁለት ሰዓትን ሲደውል እያንዳንዷን ምት ጠርቶ ሰማት፤ ያን ያህል ቅርብ ነበሩ።

ውሃው ተመልሶ እሜቴን ያነሣት ከዚያ በኋላ ነው። ባርኔጣውንም አነሣው፤ ሽቅብ ወደ ድልድዩ ምሰሶ ይዞት ሄደ።

ወደቡ ላይ ሲወርዱ ሆረስ በዚያችው መርከብ ወደ ቤት እንመለስ አለ። ዊኒ አልሰማችውም። «ክለቡ የት ነው?» አለችና መንገድ ጀመረች። ሆረስ ተከተላት።

ክለቡ ከአንድ መጠጥ ቤት ጀርባ ያለ ክፍል ነው። ጸሐፊው ሚስተር ታስከር ጠረጴዛውን ሰብስቦ ጨርሷል፤ ስታን ሞውዲ ዋንጫውን አጠገቡ አስቀምጦ ይጠጣል። ሌሎቹ ሆረስን ሲያዩ ምን እንዳስቀረው አልጠየቁትም፤ እሜቴን አሸዋ ላይ ተቀምጣ ከተማው ሁሉ ሲያያት ነው የዋለው። ታስከር ሣጥኑን ማየት እንኳ አልፈለገም። ደንቡን ሆረስ ራሱ ያውቀዋል፣ በጣም አዝናለሁ አለ።

«ሚስተር ታስከር» አለች ዊኒ፣ «እኔ ደንቡን አላውቅም። ዝም ብለው ይክፈቱልኝ። ዕድሜዬን ሙሉ ስለዚህ ሣጥን ስሰማ ኖሬ አንድ ቀን ሲከፈት አላየሁም።»

ታስከር ወዲያ ወዲህ አየ። ከዚያ ቁልፉን አወጣ፣ ማኅተሙን ቆረጠ፣ ወረቀቱን ስቦ መነጽሩን አደረገ። ከፈረንሳይ እስከ ሆረስ ቤት ያለውን ርቀት ያውቀዋል፤ በፈጀባት ደቂቃ አካፈለ፣ ደግሞ አካፈለ። ሁለተኛ ሲያካፍል ስታን ብርጭቆውን አስቀመጠ።

በየደቂቃው የበረረችውን ያርድ ድምፁን ዝቅ አድርጎ አነበበ። ከስታን እርግብ የሰፋ ልዩነት ነበረው። እዚያ ክፍል ውስጥ ሽበት ያበቀሉት ሰዎች እንኳ እንዲህ ያለ ቁጥር ሲነበብ የሰሙት በጣት የሚቆጠር ነው። አንዱ ቆቡን አወለቀ።

«ስለዚህ አንደኛ ናት ማለት ነው?» አለች ዊኒ።

«በደንቡ መሠረት አልደረሰችም፣ ሚስስ ቲከር።»

«ምን ማለትዎ ነው አልደረሰችም? ቤታችን ቁጭ ብላ አተር እየበላች ነው። ያልደረሰው እሱ ነው።»

ሰዎቹ ሳቁ። ስታን ግን አልሳቀም፤ ተነሥቶ ዋንጫውን ሆረስ ፊት አኖረው። ውሰደው፣ የኔዋ መርፌ መሰኪያ አታጣም አለው። ሆረስ እጁን ዘረጋ፤ የዋንጫው ብር ቀዝቃዛ ነበር። በሕልሙ ስንቴ እንደያዘው ያውቀዋል። ከዚያ መልሶ ገፋው። እንዲህ አይደለም የፈለግሁት አለ። ስታን አላስገደደውም። ብቻ፣ ከመሸባችሁ ቤቴ ትርፍ አልጋ አለ አላቸው።

ወደ ወደቡ ሲመለሱ የበጋው ጀምበር ገና አልጠለቀችም፤ ወንዙ ሞልቶ አፉ ድረስ ደርሷል። የመጨረሻዋ መርከብ ሁለት ሰዓት ተኩል ላይ ትነሣለች። ሆረስ ቶሎ በይ ሊላት ፈለገ፤ ከተረከዟ ላይ ደም አየና ክንዷን ያዘ፣ እሷም አልነጠቀችውም። የወደቡ በር ጋ ሲደርሱ ደወሉ ተደወለ። በሰዓቱ። ያቺ ስንት ዘመን ሙሉ ለባቡር፣ ለጉም፣ ለአሸዋ ስትዘገይ የኖረች መርከብ በሰዓቱ ገመዷን ፈታች፤ መንኮራኩሮቿ ዞሩ፣ በእሷና በእነሱ መካከል ውሃ ገባ።

«ሌን!» አለ ሆረስ፣ ባለ በሌለ ድምፁ። «እኛ ነን! እህትህ ናት!»

ሌን ከላይ አያቸው። ቆቡን አነሣ።

«ማዶ ባቡር ይጠብቀኛል!» ብሎ ጮኸ። «እዚህ ጠብቅ የሚል ትእዛዝ የለኝም!»

እሜቴ በሞላው ውሃ ላይ ቀጥ ብላ ሄደች፤ አሸዋው የነበረበትን ቦታ ምንም እንዳልነበረ አለፈችው። ሆረስ ዛሬ በዚያ ከተማ አልጋ ያቀረበላቸው ሰው ስታን ብቻ እንደሆነ አሰበ፤ ዋንጫውንም፣ በውስጡ የሚሰካውን መርፌም፣ ነገ ጠዋት ቁርስ ሲቀርብ ፊት ለፊቱ የሚቀመጥበትን መደርደሪያም አሰበ። ባዶውን ሣጥን መሬት አስቀምጦ አግዳሚው ላይ ተዘረፈጠ። ከዚያ መሬት መሬት እያየ፣ ባቡር ውስጥ መሆንሽን እያወቅሁ ልቀቃት ማለቴ እውነት ነው፣ ይቅር በዪኝ አላት።

ዊኒ አጠገቡ ተቀመጠች። ጫማዋን አውልቃ ጎን ለጎን አስቀመጠች፤ የመርከቧ ጭስ እስኪርቅ ድረስ አየች።

«እስክሪብቶ ይዘሃል?» አለችው።

«ምን ያደርግልሻል?»

«እንግዲህ ሌላ ፊርማ እንሰብስብ እንጂ፣» አለች ዊኒ። «አሁን መጀመሪያ የምፈርመው እኔ ነኝ።»